ማጠቢያውን ክፈቱልንና ውሃው ሲወርድ እንየው

ግልጽ ደብዳቤ

ለኮምቦልቻና ለደሴ ከተሞች የሥራ ሁኔታ ተቆጣጣሪዎች፣
ለፋብሪካ ባለቤቶችና ሥራ አስኪያጆች፣
ለጋራዥ፣ ለባትሪ ቻርጅ ቤት፣ ለላቦራቶሪና ለግንባታ ቦታ ኃላፊዎች፣
ለሠራተኛ ማኅበራት

ጉዳዩ፦ የድንገተኛ ዓይን ማጠቢያ ስለመምረጥ፣ ስለመትከልና በየሳምንቱ ስለመፈተሽ

ክቡራን፣

ከኮምቦልቻ ደሴ 25 ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ የሐረጎን ዳገት መውጣት አለ። ከደሴ ወደ ቦሩ ሜዳ ሆስፒታል ደግሞ ሌላ መንገድ ይጨመራል። ኮስቲክ ሶዳ የገባበት ዓይን ይህን ሁሉ መንገድ አይጠብቅም። የዓይኑ ዕጣ የሚወሰነው መኪናው ከመነሳቱ በፊት፣ እዚያው ማሽኑ አጠገብ፣ በመጀመሪያዎቹ ሰከንዶችና በሚቀጥሉት 15 ደቂቃዎች ነው። ሐኪም የሚያክመው በእነዚያ ደቂቃዎች የተረፈውን ዓይን ነው።

ስለዚህ ይህን ደብዳቤ የምንጽፈው ግድግዳ ላይ ተሰቅሎ፣ ብዙ ጊዜም አቧራ ለብሶ ስለሚገኝ አንድ ትንሽ ዕቃ ነው። በየሳምንቱ ተከፍቶ የማይታይ ማጠቢያ ጭራሽ ካለመኖሩ ይብሳል። ማጠቢያ የሌለበት ሠራተኛ በቀጥታ ወደ ቧንቧ ወይም ወደ በርሜል ይሮጣል። ማጠቢያ አለኝ ብሎ የሚያምን ግን ዓይኑን ጨፍኖ እዚያ ይደርስና ውሃ ሲያጣ፣ ያቺ ሊተካት የማይችላት ደቂቃ አልፋለች።

ማንን ይመለከታል ለሚል፦ ጨርቃ ጨርቅ ኮስቲክ ሶዳና ሃይድሮጅን ፐርኦክሳይድ ይጠቀማል። ቆዳ ማልፊያ ኖራ፣ ሶዲየም ሰልፋይድና ሰልፈሪክ አሲድ አለው። ቢራና ለስላሳ መጠጥ ጋኖቹንና ቱቦዎቹን የሚያጥበው በኮስቲክና በአሲድ ነው። ብረት በዚንክ የሚለብጥ ሃይድሮክሎሪክ አሲድ ያስቀምጣል። ደሴም ብትሆን የመኪና ባትሪ የሚሞላባቸው ቤቶች፣ የሆስፒታልና የኮሌጅ ላቦራቶሪዎች፣ ኖራና ሲሚንቶ የሚቦካባቸው የግንባታ ቦታዎች ሞልተዋታል። በረኪና በጀሪካን እየገዛ ወለል የሚያጸዳ ሆቴልም ከዚህ አይወጣም። መነጽር ማድረግ የመጀመሪያው ጥበቃ ነው፤ ማጠቢያው የሚያስፈልገው መነጽሩ ያልተደረገ ወይም የተንሸራተተ ዕለት ነው።

ብዙ ሰው አሲድን ይፈራል፤ ኮስቲክንና ኖራን ግን ይንቃል። በዓይን ላይ ነገሩ ተገላቢጦሽ ነው። አብዛኛው አሲድ የነካውን ሽፋን፣ እንቁላል ነጩ ሲበስል እንደሚረጋው፣ ያረጋዋል፤ የረጋው አካልም የቀረው አሲድ ወደ ውስጥ እንዳይዘልቅ በመጠኑ ያግደዋል። ኮስቲክና ኖራ እንዲህ ያለ ግድግዳ አይገጥማቸውም። የሴሉን ቅባት ወደ ሳሙና እየለወጡ ይገባሉ፤ በደቂቃዎች ውስጥ ከኮርኒያው፣ ማለትም ከፊተኛው ጥርት ያለ ሽፋን፣ አልፈው ወደ ዓይኑ ውስጥ ይደርሳሉ። ሕመሙ መጀመሪያ ላይ ቀላል መስሎ ሊታይ ስለሚችል ሠራተኛው «ደህና ነኝ» ብሎ ወደ ሥራው ይመለሳል። ኖራና ሲሚንቶ በዚህ ላይ ሌላ ጣጣ አላቸው፦ ፍርፋሪው ከላይኛው የዓይን ቆብ ሥር ተሸጉጦ ይቀርና ዓይኑ በታጠበ ቁጥር አዲስ መርዝ ይለቃል።

የቱም ቢሆን መድኃኒቱ ውሃ ነው፤ ወዲያውኑ፣ በብዛት፣ ለረጅም ጊዜ። አሲዱን በሶዳ፣ ኮስቲኩን በሎሚ ወይም በአቼቶ አረክሳለሁ ማለት በተቃጠለ ዓይን ላይ ሁለተኛ ኬሚካል መጨመር ነው። ወተትም አይደረግበት።

አሁን ወደ መምረጡ እንግባ። በብዙ አገር የሚጠቀሰው አንሲ ዜድ 358.1 የተባለው የአሜሪካ ደረጃ ነው፤ ቁጥሮቹ ለእኛም ስለሚሠሩ እንጠቀምባቸው። የዓይን ማጠቢያ በደቂቃ ከ1.5 ሊትር ያላነሰ ውሃ ለ15 ደቂቃ ሳያቋርጥ መስጠት አለበት። ይህ 22.5 ሊትር ነው። እንግዲህ ሁላችንም የምናውቀው 20 ሊትሩ ቢጫ ጀሪካን እስከ አፉ ቢሞላ እንኳ አይበቃም ማለት ነው። ዓይንና ፊትን አብሮ የሚያጥበው ዓይነት በደቂቃ 11.4 ሊትር ይፈልጋል፤ በ15 ደቂቃ 171 ሊትር። መላ ሰውነትን የሚያጥበው የድንገተኛ ሻወር ደግሞ በደቂቃ 75.7 ሊትር ይወስዳል። አንድ ሙሉ የ1,000 ሊትር ሮቶ ለእሱ 13 ደቂቃ ላይ ያልቃል። ሻወርና ማጠቢያ አንድ ላይ ያለበትን ዕቃ ገዝቶ ከአንዲት ሮቶ ጋር ያገናኘ ድርጅት ገንዘቡን ያወጣው ለጌጥ ነው።

ከመድኃኒት ቤት ስለሚገዛው የሳላይን፣ ማለትም የጨው ውሃ፣ ጠርሙስም እንናገር፤ ብዙ ቦታ የሚታየው እሱ ብቻ ነውና። አንድ ሊትር ሳላይን በተገቢው ፍሰት ቢፈስ 40 ሰከንድ ይቆያል። 15 ደቂቃ ለማጠብ ከ22 ጠርሙስ በላይ፣ እየከፈተ የሚያቀብል ሰውም ያስፈልጋል። ጠርሙሱ በእጅ ላይ ያለ ነገር ስለሆነ ወደ ማጠቢያው እየሄዱ ለመጀመር፣ ኋላም ወደ ሆስፒታል በሚወስደው መኪና ውስጥ ማጠቡን ለመቀጠል ይጠቅማል። ማጠቢያውን ግን አይተካም።

ከፍሰቱ ቀጥሎ አከፋፈቱ ይታይ። የተጎዳው ሰው አያይም፤ ሁለት እጆቹም የሚያስፈልጉት ቆቦቹን ለመግለጥ ነው። ስለዚህ መክፈቻው በአንድ ግፊት፣ በአንድ ሰከንድ ውስጥ ሙሉ በሙሉ የሚከፈትና እጅ ሲለቀው የማይዘጋ ይሁን። እየተጠመዘዘ የሚከፈት ሳራቺኔስካ ለዚህ ሥራ ፈጽሞ አይሆንም። ስትለቁት በስፕሪንግ የሚዘጋውም እንደዚያው። ትክክለኛው ሩብ ዙር ብቻ የሚዞር፣ ሰፊ መግፊያ ሰሌዳ የተበየደበት ቦል ቫልቭ ነው። ውሃው በአንድ ጊዜ ሁለቱንም ዓይን እንዲያገኝ ሁለት አፍ ያስፈልጋል፤ ሁለቱም እኩል ይውጡ፤ ለስላሳ ይሁኑ። ግፊቱ በርትቶ እንደ መርፌ የሚወጋ ውሃ የተጎዳውን ኮርኒያ ይልጠዋል። አፎቹ ከወለሉ ከ84 እስከ 135 ሳንቲ ሜትር ከፍታ ላይ፣ ከግድግዳው ቢያንስ 15 ሳንቲ ሜትር ርቀው ይቀመጡ፤ አለዚያ አንገት ለማጎንበስ ቦታ የለም። እያንዳንዱ አፍ ውሃው ራሱ ሲመጣ ገፍቶ የሚጥለው ክዳን ይኑረው። ብናኝ ጥጥ በሚበዛበት የጨርቃ ጨርቅ አዳራሽ ክዳኑ ሲጠፋ አፎቹ በጥቂት ቀን ውስጥ ይደፈናሉ።

ከውጭ የሚመጣው ውድ ነው ለምትሉ፣ ጥሩ ብየዳ ቤትና ጥሩ የቧንቧ ሠራተኛ ይህን ዕቃ ሊሠሩት እንደሚችሉ እናምናለን። ከላይ ያሉት ቁጥሮች ግን ድርድር የላቸውም። ቧንቧው ፒፒአር የተባለው ፕላስቲክ ወይም የማይዝግ ብረት ይሁን። በዚንክ የተለበጠው የብረት ቧንቧ ውሃ ተኝቶበት ሲሰነብት ይዝግና መጀመሪያ የሚወጣው ቡናማ፣ ዝገት ያለበት ውሃ ይሆናል። ያንን በተቃጠለ ዓይን ላይ መልቀቅ ግፍ ነው።

የእኛን ከተሞች ከሌላው የሚለያቸው ግን የውሃው ጉዳይ ነው። ውሃ በፈረቃ በሚመጣበት ቦታ ከመንገድ መስመር ጋር በቀጥታ የተገናኘ ማጠቢያ የሚሠራው ውሃ ባለበት ቀን ብቻ ነው። ከፓምፕ ጋር የተገናኘውም መብራት ሲጠፋ አብሮ ይጠፋል። መፍትሔው ሮቶ ነው፤ ሮቶ ግን በቁመቱ ይለካል። እያንዳንዱ 10 ሜትር ከፍታ አንድ ባር ያህል ግፊት ይሰጣል። ከውጭ የሚመጡት በመስመር የሚሠሩ ማጠቢያዎች አብዛኛውን ጊዜ 2 ባር ያህል ይፈልጋሉ፤ ይህም 20 ሜትር ማለት ነው። ባለ አንድ ፎቅ ጣሪያ ላይ፣ 6 ሜትር ከፍታ የተቀመጠ ሮቶ የሚሰጠው 0.6 ባር ብቻ ነው። ውሃው ከአፎቹ ተነስቶ መቆም ያቅተውና በጎን ይንጠባጠባል። እዚህ ላይ ያለው ምርጫ ሁለት ነው፦ ወይ በዝቅተኛ ግፊት እንዲሠራ ተብሎ የተሠራ፣ የራሱ ታንክ ያለው ዓይነት መግዛት፣ ወይ ሰፋ ባለ ቧንቧና ሰፋ ባለ አፍ በአገር ውስጥ አሠርቶ በባልዲ መለካት።

ሮቶው ለሌላ ሥራም የሚያገለግል ከሆነ አንድ ቀላል ዘዴ አለ። ወደ ማጠቢያው የሚሄደው መውጫ ከታንኩ ወለል 10 ሳንቲ ሜትር ከፍ ይበል፤ ደለሉ ከታች ይቅር። ለሌላው አገልግሎት የሚወጣው ደግሞ ከእሱ 30 ሳንቲ ሜትር በላይ ይበሳ። ውሃ ጠፍቶ ሌላው ቧንቧ ሁሉ ሲደርቅ በመሃል ያለው ውሃ ለዓይን ብቻ ይቀራል። ይህን ያላደረገ ድርጅት ውሃ በሚጠፋበት ሳምንት ማጠቢያው መጸዳጃ ቤቱ ከጨረሰው ሮቶ የተቀጠለ መሆኑን ያኔ ይረዳል።

ሙቀቱም ይታሰብበት። ውሃው ከ16 እስከ 38 ዲግሪ ሴንቲግሬድ መሆን አለበት። ኮምቦልቻ ላይ ከቆርቆሮ ጣሪያ ጋር ተጣብቆ የሄደ ቧንቧ ቀትር ላይ ከ38 በላይ ይወጣል፤ ሙቅ ውሃ ደግሞ ኬሚካሉ በፍጥነት እንዲሠራ ያግዘዋል። ደሴ ላይ በኅዳርና በታኅሣሥ ማለዳ ያለው ውሃ በተቃራኒው እጅ ያደነዝዛል። ሰው በዚያ ቅዝቃዜ ዓይኑን ለ15 ደቂቃ ከፍቶ አይቆምም፤ ሁለት ደቂቃ ታጥቦ ይተወዋል። ለኮምቦልቻ ቧንቧውን ቅበሩት ወይም ሸፍኑት፤ ሮቶውን ከጥላ ሥር አድርጉት። ለደሴ ታንኩን ከቤት ውስጥ አኑሩት።

ቦታው ከአደጋው እስከ ማጠቢያው በ10 ሰከንድ የሚደረስ፣ ማለትም 16 ወይም 17 ሜትር ገደማ ይሁን፤ ወለሉም አንድ ደረጃ፣ ያለ መወጣጫ። ጠንካራ አሲድ ወይም ኮስቲክ ለሚቀዳበት ቦታ እሱም ይረዝማል፤ አጠገቡ ይሁን። ኤሌክትሪክ ሰሌዳ ከሥሩ ወይም ከጎኑ አይኑር። ምልክቱ አረንጓዴ መደብ ላይ ነጭ ዓይን ያለበት ይሁንና ማንበብ ለማይችለውም ከሩቅ ይታይ። ከፊቱ ያለው ወለል በቢጫ ቀለም ይከለል፤ ካልተከለለ ካርቶንና ፓሌት ይቆለልበታል፤ ይህን ያላየ ተቆጣጣሪ ያለ አይመስለንም።

ጥገናው ላይ ትንሽ እንቆይ፤ ዓይን የሚጠፋው እዚህ ነውና። በሳምንት አንድ ቀን፣ ለምሳሌ ሁልጊዜ ሰኞ ጠዋት ፈረቃው ሲገባ፣ አንድ የተመደበ ሰው ሁለት ሊትር የሚይዝ ሃይላንድና ባልዲ ይዞ ይምጣ። መግፊያውን በአንድ እጁ ይግፋውና እጁን ያንሳ። ውሃው በአንድ ሰከንድ ወጣ? ሳይያዝ ቆመ? ሁለቱ ክዳኖች ወደቁ? ሁለቱ ውሃዎች እኩል ቁመት አላቸው? ለሦስት ደቂቃ ይተወው። በመጀመሪያዎቹ ሰከንዶች የሚወጣው ውሃ ሳምንቱን በቧንቧው ውስጥ የተኛው ነው፤ ቀለሙንና ሽታውን ይይ። ከዚያ ለአንድ ደቂቃ በባልዲ ይቀበለውና በሃይላንዱ ይለካው፤ ከ1.5 ሊትር ካነሰ ማጠቢያው ወድቋል። ይህን የምናደርገው ለፍሰቱ ብቻ አይደለም። በተኛ ውሃ ውስጥ ሱዶሞናስና አካንታሜባ የተባሉ ተሕዋስያን ይራባሉ፤ አካንታሜባ በተጎዳ ኮርኒያ ላይ ካረፈ ማከሙ ወራት የሚፈጅ ቁስል ያመጣል። ውሃ ይባክናል የሚለው ክርክር ሚዛን አይደፋም፦ የአንድ ዓይን ማጠቢያ የሳምንት ፍተሻ አንድ ጀሪካን እንኳ አይሞላም፤ የተቀበላችሁትም ውሃ ወለል ያጥባል።

ፍተሻው የሚቀርበት እውነተኛ ምክንያት ግን ስንፍና ብቻ አይደለም። ብዙ ማጠቢያ የውሃ መውረጃ ሳይሠራለት ይተከላል። የተመደበው ሰው አንድ ቀን ይከፍተዋል፤ ወለሉ ይጥለቀለቃል፤ ፎርማኑ ይቆጣል፤ ከዚያ በኋላ ማንም አይነካውም። ስለዚህ መውረጃ የሌለው ማጠቢያ በስድስት ወር ውስጥ የማይሠራ ማጠቢያ ነው ብላችሁ ቁጠሩት። ሁለተኛው የተለመደ ብልሽት ወደ ማጠቢያው በሚመጣው መስመር ላይ ያለው ሳራቺኔስካ ነው። ማጠቢያው መንጠባጠብ ይጀምራል፤ አንድ ሰው ለጊዜው ብሎ ይዘጋዋል፤ ተዘግቶ ይቀራል። ክፍት አድርጋችሁ በሽቦ እሰሩት፤ «አይዘጋ» የሚል ሰሌዳ ስቀሉበት። የሚንጠባጠበው ደግሞ ብዙውን ጊዜ የጎማ ማሸጊያው አልቆ ነው፤ መቀየር የደቂቃዎች ሥራ ነው። ሦስተኛው ነጭ የኖራ ቅርፊት ነው። የጉድጓድ ውሃ በሚጠቀሙ ቦታዎች አንዱ አፍ ሲደፈን ሌላው በርትቶ ይወጣል። አፎቹን ፍቱና በአቼቶ ውስጥ ለአንድ ሰዓት ዘፍዝፋችሁ በጥርስ ብሩሽ ፈትጓቸው፤ በንጹህ ውሃ በደንብ አለቅልቃችሁ መልሱ። በምስማር አትውጓቸው፤ ቀዳዳው ይሰፋና ውሃው ይጣመማል።

የራሱ ታንክ ያለው ዓይነት ሌላ ጥንቃቄ አለው። መጠበቂያ ኬሚካል ያልገባበት ውሃ በየሳምንቱ ይቀየር፤ የገባበት በአምራቹ መመሪያ መሠረት። ታንኩን ለማጽዳት ሥራ የሌለበትን ቀን ምረጡ። ለ10 ሊትር ውሃ 10 ሚሊ ሊትር 5 በመቶ በረኪና ጨምራችሁ በአፎቹም በኩል ጥቂት አፍስሱና ይደር፤ በማግስቱ ሽታው ጨርሶ እስኪጠፋ አጥባችሁ ሙሉት። በረኪናው የታንክ ማጽጃ ነው፤ ዓይን በሚታጠብበት ውሃ ውስጥ እንዲቀር አይደለም። ታንኩ አድሮ እስኪመለስ «አይሠራም» የሚል ጽሑፍ ይለጠፍበት።

ከዕቃው እኩል ሰው ይሠልጥን። የተጎዳው ሰው ብቻውን መንገዱን አያገኝም፤ አጠገቡ ያለው ክንዱን ይዞ ያድርሰው፤ ቆቦቹንም በጣት ይግለጥለት፤ ሕመሙ ዓይንን እንደ ብረት ያስጨፍናልና። ዓይኑን ወደ ላይ፣ ወደ ታች፣ ወደ ግራ፣ ወደ ቀኝ ያዙር። የዓይን ሌንስ ካለ እየታጠበ ይውጣ እንጂ ማጠቡ አይዘግይ። ኖራ ወይም ሲሚንቶ ከሆነ ፍርፋሪው በውሃው ይጠረግ። ለኮስቲክና ለኖራ 15 ደቂቃ መነሻ ነው፤ 30 ደቂቃና ከዚያ በላይ ይታጠብ። ከዚያ በኋላ ብቻ መኪና ይነሳ፤ የኬሚካሉ መለያ ወረቀት ወይም የባዶ ዕቃው ስም አብሮ ይሂድ፤ ሐኪሙ መጀመሪያ የሚጠይቀው እሱን ነው።

ለተቆጣጣሪዎች የምንለው የተለየ ነው። የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 በአንቀጽ 92 አሠሪው የሠራተኛውን ደህንነትና ጤንነት እንዲጠብቅ ያስገድዳል፤ በአንቀጽ 93 ደግሞ ሠራተኛው የተሰጠውን መከላከያ በአግባቡ እንዲጠቀም። በጉብኝት ጊዜ «የዓይን ማጠቢያ አላችሁ?» ብሎ «አለን» የሚል መልስ መመዝገብ ይህን ግዴታ አያስፈጽምም። ሦስት ነገር እንድታደርጉ እንለምናለን። አንደኛ፣ እናንተው ሄዳችሁ መግፊያውን ግፉት፤ በባልዲም ለኩት። ሁለተኛ፣ የፍተሻ ካርዱን ተቀብላችሁ እስክርቢቶውን እዩ፤ የሦስት ወር ፊርማ በአንድ እስክርቢቶ፣ በአንድ ዓይነት ስፋትና ጥድፊያ ከተሞላ ካርዱ የተሞላው እናንተ በር ላይ ስትደርሱ ነው። ሦስተኛ፣ በሌሊት ፈረቃ ያለ አንድ ሠራተኛ ጠርታችሁ ማጠቢያው የት እንዳለ ጠይቁት፤ በጣቱ ሳያመነታ ካላሳያችሁ ሥልጠናው አልተሰጠም።

ለሠራተኛ ማኅበራት፦ በኅብረት ስምምነት ድርድር ላይ የሰኞ ፍተሻውን የሚሠራው ሰው ስምና የሥራ ሰዓቱ ይጻፍ። ያለ ተመደበ ሰዓት በትርፍ የሚሠራ ፍተሻ ሥራ በበዛበት ሳምንት መጀመሪያ የሚቀረው እሱ ነው።

ለወሎ ዩኒቨርሲቲ ኮምቦልቻ ቴክኖሎጂ ኢንስቲትዩት መምህራን ደግሞ አንድ ጥያቄ አለን። በሮቶ ከፍታ፣ በ0.5 ባር ግፊት የሚሠራ፣ የአገር ውስጥ ብየዳ ቤት ሊያባዛው የሚችል የዓይን ማጠቢያ ንድፍ ከተማሪዎቻችሁ ጋር ሠርታችሁ ሥዕሉን ለሁሉም ክፍት ብታደርጉት፣ ከውጭ ማስመጣት የማይችለው ትንሹ ጋራዥና የባትሪ ቤቱ በሚቀጥለው ዓመት ማጠቢያ ሊኖረው ይችላል።

ከአክብሮት ጋር፣
በሥራ ቦታ ደህንነትና በቧንቧ ሥራ ላይ የተሰማራን ባለሙያዎች
ኮምቦልቻና ደሴ